ነዋሪ፦ ዜሮ

በ2084 ዓ.ም. በከተማው የምሥራቅ ቀጠና የውኃ ጽሕፈት ቤት ውስጥ ለሰው የቀረው ሥራ አንድ ብቻ ነበር፤ ማረጋገጥ። ሕጉ "ዜጎችን የሚነካ ማንኛውም ውሳኔ በሰው ዓይን መታየት አለበት" ስለሚል፣ የኮምፒውተር ሥርዓቱ የወሰነውን ሁሉ አንድ ሰው እንዲያየው ይደረጋል። ለምን ያህል ጊዜ እንደሚያየው ሕጉ ዝም ብሏል። ጽሕፈት ቤቱ ግን ዝም አላለም፤ አራት ሰከንድ ብሎ ወስኗል።

ሲፈን ጉደታ ይህን ሥራ ሃያ ሁለት ዓመት ሠርታዋለች። ጠዋት ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ወንበሯ ላይ ትቀመጣለች፤ ወንበሩ ክብደቷን ለክቶ መግባቷን ይመዘግባል። ከዚያ ውሳኔዎቹ በፊቷ ይጎርፋሉ። የዚህ ቤት ግፊት ይቀነስ፣ የዚያ ሆቴል መስመር ይስፋ፣ የእገሌ ቅሬታ ውድቅ ይሁን። እሷ አረንጓዴውን ቁልፍ ትጫናለች፤ በቀን ሰባት መቶ ጊዜ። ከአረንጓዴው አጠገብ "ይመለስ" የሚል ቢጫ ቁልፍም አለ። እሱም የተቀመጠው ሕጉ ይኑር ስላለ ነው። የጽዳት ሠራተኛዋ እንኳ ጠረጴዛውን ስትወለውል ቢጫውን ዘላው ታልፋለች፤ "ነክቼው አንድ ነገር ቢፈነዳስ" እያለች።

ሲፈን ደፋር የምትባል ሰው አልነበረችም። ለጡረታ አራት ዓመት ቀርቷታል። "ፈጣን ጣት" የሚል የምስጋና ወረቀት ሁለት ጊዜ ተሸልማ ሁለቱንም ሳሎኗ ውስጥ ሰቅላለች፤ እንግዳ ሲመጣ ዓይኑ እንዲያርፍባቸው ወንበሩን ወደዚያ ታዞራለች።

በየካቲት ወር፣ አንድ ማክሰኞ፣ ከረፋዱ አራት ሰዓት ላይ ስክሪኗ ላይ ይህ መጣ፦ "ቀይ ጭቃ ሰፈር። ነዋሪ፦ ዜሮ። የቦኖው መስመር ይዘጋ።"

ጣቷ ወደ አረንጓዴው ሄዶ አየር ላይ ቀረ።

ቀይ ጭቃን ታውቀዋለች። ከሦስት ቀን በፊት የጫማዋ ሶል ተገንጥሎ ጋሽ ሸምሱ ዘንድ ነበረች። ጋሽ ሸምሱ በዚያ ከተማ ጫማ በእጃቸው የሚሰፉ የመጨረሻው ሰው ሳይሆኑ አይቀሩም፤ ሱቃቸው ከገደሉ ሥር፣ ከቦኖው ፊት ለፊት ነው። እሳቸው ሲሰፉ እሷ ድንጋይ ላይ ተቀምጣ፣ ሴቶቹ ጄሪካን ደርድረው ውኃ ሲቀዱ፣ በተራ ሲጣሉና ተመልሰው ሲሳሳቁ ስታይ ነው ያረፈደችው። አዲሱ ኔትወርክ ከገደሉ በታች አይወርድም፤ የሰፈሩ ሰው የያዘው ደግሞ አሮጌ ስልክ ነው። ሥርዓቱ ሰው የሚቆጥረው በስልኩ ነው። ስልኩ ዘጠና ቀን ካልተሰማ፣ ሰውየው የለም።

ሲፈን ቢጫውን ተጫነች። ምንም አልፈነዳም። ስክሪኑ ብቻ፣ በትሕትና፣ "ምክንያትዎን ይምረጡ፤ የጣት ስሕተት፣ የጤና እክል፣ ሌላ" አላት። "ሌላ" አለች። ለ"ሌላ" የተፈቀደው ሠላሳ ፊደል ነው። "ሰው አለ። ቅዳሜ በዓይኔ አይቻለሁ" ብላ ጻፈች።

ከሦስት ደቂቃ በኋላ መልስ መጣ። "የመረጃ ምንጭ፦ ዓይን። ተቀባይነት የለውም።" ውሳኔውም ተከትሎት እንደገና ፊቷ ላይ ተደቀነ።

ዐሥራ አንድ ጊዜ መለሰችው። በዐሥራ አንደኛው የክፍል ኃላፊው ደምስ ከቢሮው እየተቻኮለ ወጣ። ደምስና ሲፈን በአንድ ቀን የተቀጠሩ ናቸው፤ ገና ጀማሪ ሳሉ ምሳቸውን ከአንድ ሣህን ይበሉ ነበር።

"ሲፈን፣ ምን ሆነሻል? ሰሌዳው ላይ ክፍላችን ቀይ ሆኖ በራ እኮ!"

"ሰው አለ፣ ደምስ። ቀይ ጭቃ ሰው አለ።"

"እና?"

"እናማ ውኃ ልንዘጋባቸው ነው።"

"የምንዘጋው እኛ አይደለንም። ሥርዓቱ ነው።"

"የማረጋግጠው እኔ ነኛ!"

ደምስ ጎንበስ ብሎ ድምፁን ዝቅ አደረገ። "አንቺ የምታረጋግጪው ማየትሽን ነው። ትክክል ነው አላልሽም፤ 'አየሁት' ነው ያልሽው። ልዩነቱን ሥልጠናው ላይ ነግረውናል። በይ ተጫኚውና እንገላገል።"

ሲፈን ቁልፉን አየችው። ከዚያ ተነሣች። ወንበሩ መነሣቷን መዘገበ።

አውቶቡስ ይዛ ወረደች፤ ከመጨረሻው ፌርማታ እስከ ገደሉ ሥር በእግሯ ሄደች። ከአንዲት ኪዮስክ የተማሪ ደብተር ገዝታ ቤት ለቤት ስትዞር ዋለች። ስም፣ ዕድሜ፣ ፊርማ፤ መፈረም ያልቻለ አሻራ። ሁለት መቶ ዐሥራ ሦስት ሰው ሆኑ። ከወለደች ገና ዘጠኝ ቀን የሆናት አራስ ነበረች፤ ሕፃኑ ስም ስላልወጣለት "ሕፃን" ብላ ጻፈችው። ጋሽ ሸምሱ ሲፈርሙ "ልጄ፣ ምን ልታደርጊልን ነው?" ብለው ጠየቋት። "መኖራችሁን ላስረዳ ነው" ስትላቸው ሣቁ። ቀልድ መስሏቸው ነው።

በማግሥቱ ደምስ ደብተሩን በሁለት ጣቱ ይዞ አገላበጠው። "ይሄ በየት በኩል ነው የሚገባው?" አለ። የምሩን ነበር። ወረቀት የሚገባበት ቀዳዳ ፍለጋ ማሽኑን ዙሪያውን ዞሮ አየው። አጣ። ከዚያ እሷ እዚያው ቆማ ሳለች፣ በሷ ወንበር ላይ ተቀምጦ አረንጓዴውን ተጫነ። አራት ሰከንድ እንኳ አልፈጀበትም።

ከሰዓት በኋላ ዘጠኝ ሰዓት ላይ የቀይ ጭቃ ውኃ ተዘጋ።

የዲሲፕሊን ክሱ ሦስት ነጥብ ነበረው። አንደኛ፣ ያለ በቂ ምክንያት ማረጋገጫ መንፈግ። ሁለተኛ፣ በሥራ ሰዓት ከወንበር መለየት። ሦስተኛውን ሲፈን ሦስት ጊዜ ደጋግማ ነው ያነበበችው፤ "ከሥራ መደቧ ውጭ ማየት" ይላል። ዘጠኝ ገጽ መከላከያ ጻፈች፤ ደብተሩንም ገጽ በገጽ ፎቶ አንሥታ አያያዘች። የኮሚቴው ውሳኔ የደረሳት ገና የመላኪያውን ቁልፍ ለቃ እጇን ሳታነሣ ነው ማለት ይቻላል። ከሥራ ተሰናብታለች።

ወደ ሠራተኞች ጉዳይ ችሎት ይግባኝ አለች። ቀጠሮው ለሚያዝያ ተሰጠ። በነዚያ ሁለት ወራት የቀይ ጭቃ ሴቶች ውኃ ፍለጋ አፋፉን ወጥተው፣ ደርሶ መልስ ሦስት ሰዓት እየተጓዙ ይቀዱ ነበር። ካልሞላላቸውም ከወንዙ። ሁለት ልጆች በተቅማጥ ተይዘው ሆስፒታል ገቡ። ሆስፒታሉ አድራሻቸውን ጠየቀ፤ እናቶቹ "ቀይ ጭቃ" ሲሉ መዝጋቢው "ሌላ ሰፈር ንገሩኝ፣ ይሄኛው አይቀበልልኝም" አላቸው። የዘመድ ሰፈር ጠርተው ልጆቹን አሳከሙ።

ችሎቱ ንጹሕ፣ ቀዝቃዛና ባዶ ነበር። ዳኛ ንጋቱ ዋሴ ፀጉራቸው የሸበተ፣ ድምፃቸው ለስላሳ ሰው ናቸው። ስትቀመጥ ሰላምታ ሰጧት፤ ዓይኗንም አዩ። ሲፈን ልቧ ሞቅ አለ። ከአፍታ በኋላ ግን ጠረጴዛቸውን አየችው። አንድ አረንጓዴ ቁልፍ፣ ከጎኑ አንድ ቢጫ። ቢጫው አቧራ ለብሷል።

የጽሕፈት ቤቱ ነገረ ፈጅ ሶስና የምትባል ወጣት ናት፤ ቆማ ስትናገር አንድም ቃል አይሰናከልባትም።

"ክቡር ፍርድ ቤት፣ የይግባኝ ባይዋን ክርክር በአጭሩ እንመልሳለን። ማረጋገጫ ነፍገዋል፤ አልካዱም። ከወንበራቸው ተነሥተዋል፤ ወንበሩ መስክሯል። ከሥራ መደባቸው ውጭ አይተዋል፤ ያዩትን ራሳቸው በዘጠኝ ገጽ ጽፈዋል። ክርክራችንን በዚህ አበቃን።"

"ይግባኝ ባይ፣ ምን ይላሉ?" አሉ ዳኛው።

ሲፈን ተነሣች። "ክቡር ፍርድ ቤት፣ ሕጉ 'በሰው ዓይን ይታይ' ነው የሚለው። እኔ አየሁ። በማየቴ ተባረርኩ። ሌላ የምለው የለኝም፤ ምስክር ግን አለኝ።"

ጋሽ ሸምሱ ኮታቸውን ቆልፈው፣ ራሳቸው የሰፉትን ጫማ አጥቁረው በሩ አጠገብ ቆመው ነበር። ወደ ምስክር መቆሚያው ሄዱ። መቆሚያው ፊታቸውን አነበበ፤ አሰበ፤ ድጋሚ አነበበ።

"ክቡር ፍርድ ቤት፣ ተቃውሞ አለን" አለች ሶስና። "ምስክሩ ለመመዝገብ የመኖሪያ አድራሻ ያስፈልጋል። ያስመዘገቡት አድራሻ ነዋሪ የሌለበት ነው። ነዋሪ በሌለበት ሰፈር የሚኖር ምስክር ሊኖር አይችልም።"

"ሰውየው እኮ እዚህ ቆመዋል" አሉ ዳኛው።

"መቆማቸውን አልተቃወምንም፣ ክቡር ፍርድ ቤት። መኖራቸውን ነው።"

ጋሽ ሸምሱ ከአንዱ ወደ ሌላው አዩ። "እኔ ክቡር ዳኛ፣ ስድሳ ሰባት ዓመት እዚያው ነው የኖርኩት። ልመስክር ወይስ ልውጣ?"

ዳኛው ስክሪናቸውን አዩ፤ "ምስክር፦ የለም" የሚል ተጽፎበታል። "እዚያው ይቆዩ አባቴ" አሉ። መመስከርም መውጣትም አልሆነም።

ከዚያ ዳኛው ያልተጠበቀ ነገር አደረጉ። የኮሚቴውን ቃለ ጉባኤ አወጡና ወደ ሶስና ዞሩ።

"የኮሚቴው አባላት ሦስት ናቸው። ጉዳዩን የመረመሩበት ጊዜ በድምሩ ዐሥራ ሁለት ሰከንድ ይላል። ዘጠኝ ገጽ መከላከያ፣ ሃያ ገጽ ማስረጃ። በዐሥራ ሁለት ሰከንድ ማን ነው ያነበበው?"

"ለእያንዳንዳቸው አራት አራት ሰከንድ ነው፣ ክቡር ፍርድ ቤት። መመሪያው የሚጠይቀውን አሟልተዋል።"

"አንድ ነገር ልጠይቅሽ። እዚያ ሰፈር ሰው አለ ወይስ የለም?"

ሶስና ለመጀመሪያ ጊዜ ተሰናከለች። "ጥያቄው... ከተያዘው ጭብጥ ጋር አግባብነት የለውም፣ ክቡር ፍርድ ቤት።"

"የለውም" አሉ ዳኛው በቀስታ። ከዚያ መነጽራቸውን አውልቀው ንግግር አደረጉ። እንዲህ ያለ ንግግር ሲፈን ሰምታ አታውቅም። ሰው ዓይን የተሰጠው ለጌጥ እንዳልሆነ ተናገሩ። ሕግ አውጪው "ሰው ይየው" ሲል ሰው እንዲያስብበት ፈልጎ እንጂ ጣት ፈልጎ እንዳልሆነ ተናገሩ። ውኃ ስለጠማው ሕፃን ተናገሩ፤ ድምፃቸው ተንቀጠቀጠ። ጋሽ ሸምሱ ዓይናቸውን በመሐረብ ጠረጉ። ሲፈን ሁለት እጇን አጥብቃ ይዛ፣ አገር ገና ዳኛ አላጣም ብላ አሰበች።

ንግግሩ አለቀ። ስክሪኑ ድምፅ ሰጠ። የፍርዱ ረቂቅ ተዘጋጅቶ ቀርቧል፤ ማሽኑ ንግግሩ እስኪያልቅ እንኳ አልጠበቀም።

ዳኛው ረቂቁን አዩት። ጣታቸው ወደ ቢጫው ሄደ። እላዩ ላይ ደርሶ ቆመ። ሲፈን ያንን ጣት አወቀችው፤ የራሷን ጣት እንደምታውቀው አወቀችው። ተጫኑት አለች በልቧ። ተጫኑት፤ ምንም አይፈነዳም፣ እኔ አይቼዋለሁ።

"እኔም" አሉ ዳኛ ንጋቱ፣ ቀና ሳይሉ፣ "ለጡረታ የቀረኝ ስምንት ወር ብቻ ነው።"

አረንጓዴውን ተጫኑ።

"ችሎቱ ጉዳዩን በጥልቀት መርምሮ፣ የሥነ ሥርዓት ጉድለት ስላላገኘ፣ ውሳኔውን በኀዘን አጽንቶታል" ብለው አነበቡ። የፍርዱ ግልባጭ ለሲፈን ሲደርሳት "በኀዘን" የምትለው ቃል አልነበረችም። ማሽኑ አግባብነት የላትም ብሎ አውጥቷታል። ንግግሩም በሙሉ የለም። የችሎቱ ርዝመት ግን በትክክል ተመዝግቧል፤ ዳኛው ከተመደበላቸው ጊዜ በላይ በመቆየታቸው ማስጠንቀቂያ ተሰጥቷቸዋል።

ደጅ ወጥተው ደረጃው ላይ ተቀመጡ። ሰማዩ ጠራርቶ ነበር። ጋሽ ሸምሱ "ልጄ፣ በኛ ምክንያት እንጀራሽን አጣሽ" አሉ።

"እናንተ ምን አደረጋችሁ?" አለች ሲፈን። ያናደዳት ሶስና አይደለችም፤ ሶስና የደመወዟን ነው የሠራችው። ደምስም አይደለም። ያቃጠላት ያ ንግግር ነው። እንዲያ አሳምሮ የሚያውቅ ሰው፣ ካወቀ በኋላ፣ ያንኑ ቁልፍ! ግልባጩን አጣጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ስትከት አንድ ሐሳብ መጣላትና እጇ ቆመ።

"ጋሼ፣ እናንተ እንግዲህ የላችሁም።"

"የላችሁም አሉን።"

"በፍርድ ቤት ጸና ማለት ነው። እኔም ከዛሬ ጀምሮ የመንግሥት ሠራተኛ አይደለሁም፤ ከወንበሬ ብነሣ የሚመዘግበኝ የለም።"

"እሱስ ልክ ነው።"

"ታዲያ የቀይ ጭቃን ቫልቭ አንድ ሰው ቢከፍተው፣ ማነው የከፈተው ይባላል?"

ጋሽ ሸምሱ ጢማቸውን ዳበሱ። ትንሽ ቆይተው ሣቁ። ይህኛው ሣቅ ግን ቀልድ ስለመሰላቸው አልነበረም።

ሲፈን የምሥራቅ ቀጠናን መስመር ሃያ ሁለት ዓመት አይታዋለች፤ አራት አራት ሰከንድም ቢሆን ሲደማመር ብዙ ነው። ቫልቭ ቁጥር 77 ከአስፋልቱ ዳር፣ በማንሆል ውስጥ፣ ሞተሩ ሲበላሽ በእጅ የሚዞርበት መዘውር እንዳለው ታውቃለች። በማግሥቱ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ፣ መኪና ሲመላለስ፣ ሰው ሁሉ እያየ፣ ከአራት ጎረምሶችና ከአንድ ወፍራም ብረት ጋር ሄዱ። ክዳኑን አነሡ። መዘውሩ ዝጎ ነበር፤ ዘይት አፈሰሱበት፣ በብረቱ ታገሉት፣ ተሳደቡበት። በመጨረሻ ሲጥ ብሎ ዞረ። የሚያልፉ ሰዎች አዩአቸው። ማንም ምንም አላለም፤ ሰው ካየ ደግሞ ምን ይሆናል? ምንጩ ዓይን ነው።

ገደሉ ሥር ቦኖው መጀመሪያ አየር ተነፈሰ፤ ቀጥሎ ቀይ ውኃ ተፋ፤ ቀጥሎ ጠራ። አንዲት ሴት እልል አለች። ሌላዋ ተራ ያዘች።

ጽሕፈት ቤቱ ውስጥ ሥርዓቱ ግራ ገባው፤ ግራ መጋባት የሚባል ነገር የሚያውቅ ከሆነ። ነዋሪ የሌለበት ሰፈር በቀን ሠላሳ ሜትር ኩብ ውኃ ይጠጣል። ስርቆት እንዳይል፣ ለስርቆት ተጠርጣሪ ያስፈልጋል፤ ተጠርጣሪ ከሰፈሩ ነዋሪ ነው የሚመረጠው፤ ነዋሪ የለም። ብክነት ነው አለ። የብክነት ጥገና ተራ የሚሰጠው በተጎጂ ነዋሪ ብዛት ነው፤ ዜሮ ሆኖ ከወረፋው መጨረሻ ተሰለፈ፤ አራት ሺህ አንድ መቶ ዐሥራ ስምንተኛ። ሕጉ ግን እንዲህ ያለው ነገር "በሰው ዓይን ይታይ" ስለሚል፣ ደምስ ታብሌቱን ይዞ ቦታው ድረስ እንዲሄድ ታዘዘ። በሃያ ሁለት ዓመት ከቢሮው ለሥራ ሲወጣ ይህ የመጀመሪያው ነው።

አዲስ ጫማውን ጭቃ አስበልቶ ሲደርስ፣ ከቦኖው ፊት ስድሳ የሚሆን ሰው ጄሪካኑን ደርድሮ አገኘ። ሲፈን በርጩማ ላይ ተቀምጣ ተራ ታስከብራለች። የሰፈሩ ሰው ለምኗት ነው፤ አስቀጂ ሆናላቸዋለች።

"አንቺ ነሽ?" አላት።

"ምኑን?"

"የከፈትሽው።"

"በመዝገባችሁ እዚህ ማን አለ?"

"ሲፈን፣ በናትሽ አትቀልጂብኝ።" ዙሪያውን አየ፤ ማየቱም አስፈራው መሰል ዓይኑን ታብሌቱ ላይ መለሰ። "ሰው አለ ብዬ ልጻፍ? በየካቲት አረንጓዴውን የተጫንኩት እኔ ነኝ። ያባርሩኛል። ሦስት ልጆች አሉኝ።"

ሲፈን አየችው። ልታዝንለት ሞከረች፤ ምሳቸውን ከአንድ ሣህን የበሉበትን ዘመን አሰበች። ኀዘኑ አልመጣም። የመጣው ንቀት ነው፤ እሱም ትልቅ አልነበረም፤ ሰው ከመንገዱ ላይ ገለባ ሲገፋ የሚሰማውን ያህል ነው።

"ታዲያ የለም በል" አለችው። "ፍርድ ቤቱም የለም ብሏል። ማን ይቃወምሃል? ብክነት ነው በልና ሂድ። ወረፋው እስኪደርሰን ልጆቹ ያድጋሉ።"

ደምስ ፊቱ በራ። ይህን ያህል ቀላል ይሆናል ብሎ አልጠበቀም። ስድሳ ሰው ፊት ቆሞ፣ "በቦታው የታየ ሰው ብዛት" በሚለው ክፍት ቦታ ዜሮ አስገባ። "አስቸኳይ አይደለም" የሚለውንም መረጠ። አረንጓዴውን ሊጫን ጣቱን ሲያነሣ፣ ልጅ ያዘለች ሴት ሁለት ጄሪካን አንጠልጥላ ከኋላው መጣች።

"ወንድሜ፣ ሰልፍ ላይ ነው የቆምከው። ወይ ተሰለፍ ወይ ገለል በልልን።"

"ይቅርታ፣ እህቴ" አለ ደምስ፣ ቁልፉን ተጫነና ለሌሉት ሰዎች መንገድ ለቀቀ።